የጀውሃ ልጆች የመጡ ዕለት መብራቱን እንዴት እንዳዘዝኩት

መቼ እንደሆነ ቁርጡን አላስታውስም። እኔ ማሾ ተለቅሞ ያለቀበት ሰሞን ይመስለኛል፤ ባለቤቴ ደግሞ የለም፣ ሽንኩርት የተነቀለ ጊዜ ነው ትላለች። በጣም ይሞቅ እንደነበር አስታውሳለሁ፤ ይኼ ግን ለሸዋ ሮቢት ሰው ምልክት አይሆነውም። እዚህ አገር «የሞቀ ዕለት ነበር» ብሎ ወሬ የጀመረ ሰው ገና ምንም አልተናገረም። ስለዚህ ቀኑን ተዉትና ነገሩን ልንገራችሁ። እኔም ብሆን ትዝ የሚለኝ ቀኑ ሳይሆን ድሉ ነው።

ድል ያልኩት ለቀልድ አይደለም። ፊደል በመሠረተ ትምህርት የቆጠርኩ፣ ዕድሜዬን ከአካፋና ከዶማ ጋር የጨረስኩ ሰውዬ፣ አንድ ኮምፒውተር ከነኪቦርዱ፣ ከነማውሱ፣ ከነጆይስቲኩ አዝዣለሁ። አረንጓዴ ሁን ስለው አረንጓዴ ሆኗል። ከዚያ በፊት ያልሆነው ቀለም የለም፤ እሱን ቀስ ብለን እንደርስበታለን።

ልጄ ሰላም ከአውራ ጎዳናው ዳር ጌም ቤት ከፍታለች። ጌም ቤት ለማታውቁ፣ ጎረምሳ ሁሉ ገብቶ ኳስ የሚጫወትበት፣ ግን አንድም ሰው የማይሮጥበት ቤት ነው። ግብ አግብቶ «ደከመኝ» የሚል አይቻለሁ፤ የደከመው አውራ ጣቱ ነው። መጀመሪያ ሰሞን ገብቼ «ልጆች፣ ሜዳው እዚያ ባዶውን ተኝቶ እዚህ ምን ያጉራችኋል?» ብላቸው፣ «ጋሼ፣ ሜዳው ቬንትሌተር የለውም» አሉኝ። ወንበር ስቤ አብሬያቸው ተቀመጥኩ።

የሰላም ቤት ከሌላው የሚለየው በመብራቱ ነው። ኪቦርዱ ከሥሩ ይበራል፤ ማውሱም ሆዱ ውስጥ መብራት አለው፤ ሁለቱ ጆይስቲኮችም እንዲሁ። ደግሞ እንዲሁ አይበሩም፤ ለየጨዋታው ቀለም አለው። ኳስ ሲከፈት ሁሉም አረንጓዴ ይሆናል፤ የመኪና ውድድር ሲሆን ቀይ፤ ጦርነት ሲሆን ብርቱካን። ከመንገድ ሆኖ በመጋረጃው ሥር የሚያፈተልከውን ቀለም አይቶ ውስጥ ምን እየተጫወቱ እንደሆነ የማያውቅ የባጃጅ ሹፌር የለም።

ይኼን ሁሉ የሚያዝ አንድ ፕሮግራም አለ። ስሙ በእንግሊዝኛ ስለሆነ እኔ «አዛዡ» እለዋለሁ። ጨዋታዎቹ ሁሉ ሥዕላቸው እሱ ውስጥ ተደርድሯል። የኳሷን ሥዕል ሁለቴ ጠቅ ስታደርጉ አዛዡ መጀመሪያ መብራቱን ይቀይራል፣ ቀጥሎ ጨዋታውን ይከፍታል። ሌላ መክፈቻ የለም። ደንበኛው እየገባ ሲነካካ ስላስቸገራት ሌላውን በር ሁሉ ሰላም ደብቃዋለች።

ያን ዕለት ሰላም ደብረ ብርሃን መሄድ ነበረባት። የጓደኛዋ ልጅ በማግሥቱ ክርስትና ትነሣለች፤ የክርስትና እናቷ እሷ ናት። የክርስትና እናት ደግሞ «ሥራ በዛብኝ» ብላ አትቀርም። ባሏ ከባድ መኪና ይዞ ጅቡቲ መንገድ ላይ ነው። በዚያ ላይ ከሰዓት በኋላ የጎረቤታችን ከተማ የጀውሃ የባጃጅ ሹፌሮች ከእኛዎቹ ሹፌሮች ጋር ኳስ ሊጋጠሙ ይመጣሉ። በስክሪን ነው እንግዲህ፣ በአውራ ጣት።

ይኼ ግጥሚያ ቀላል አይምሰላችሁ። ሁልጊዜ የሚደረገው ከመንገዱ ማዶ ባለው አሮጌው ጌም ቤት ነበር። ሰላም ሹፌሮቹን ስንት ለምና ነው «እስቲ አንዴ እንሞክርሽ» ያሏት። ከተመቻቸው ግጥሚያው እሷ ጋ ይቀራል፤ ግጥሚያው ከቀረ ተመልካቹም ይቀራል፤ ቤቷ ተለመደ ማለት ነው። ካልተመቻቸው ግን ወደ ማዶ ይመለሳሉ፤ ሁለተኛ ብትለምናቸውም አይሰሟትም። ልጄ ያንን ቤት ለመክፈት የለፋችውን እኔ አውቃለሁ።

ስትሄድ በሩ ላይ ቆማ «አባዬ፣ ሥራው ቀላል ነው። አዛዡን ትከፍታለህ፤ ኳሷን ሁለቴ ጠቅ፤ አለቀ። ደግሞ ካንተ በቀር ማንም እንዳይነካው» አለችኝ።

ያቺ የመጨረሻዋ ቃል ራሴ ላይ ወጣች። ካንተ በቀር ማንም! ከእሷ መሄድ በኋላ ወንበሩ ላይ እንዴት እንደተቀመጥኩ ብታዩ፣ ዳኛ እንጂ የጌም ቤት ጠባቂ አልመስልም ነበር።

መጀመሪያ ዓይኔን የወጋው መብራቱ ነው። በጠራራ ፀሐይ መብራት! በእኛ ቤት በቀን የበራ አምፖል ያየ ሰው ሥራውን ጥሎ ነው የሚያጠፋው። አዛዡን ከፍቼ ስፈልግ አንዲት የፀሐይ ሥዕል አገኘሁ፤ ከጎኗ እንደ ብረት ሚዛን የሚገፋ ነገር አለ። ወደ ግራ ጎተትኩት። ኪቦርዱ ድርግም አለ፤ ማውሱ ድርግም አለ፤ ጆይስቲኮቹም። ቤቱም ቀዝቀዝ ያለ መሰለኝ። አመስግኜ ተቀመጥኩ።

ከዚያ ግጥሚያው እስኪደርስ ልለማመድ ብዬ ጨዋታዎቹን መክፈት ጀመርኩ። መኪናዋን ሁለቴ ጠቅ፤ ተከፈተች። ጎበዝ! አሁን ልዝጋት። ጥግ ላይ ሦስት ምልክት አለ፤ ሰረዝ፣ ሣጥን፣ ኤክስ። ኤክስን እኔ በደንብ አውቃታለሁ። የመሠረተ ትምህርት መምህሬ በቀይ እስክሪብቶ ደብተሬ ላይ ሲያሰፍራት ኖሯል፤ ስህተት ማለት ናት። አውቆ ስህተትን የሚጫን ማን አለ? ስለዚህ ሰረዟን ተጫንኩ። መኪናዋ ወርዳ ሰመጠች። ዘጋሁ ማለት ነው። ጦርነቱን ከፈትኩ፤ በሰረዝ ዘጋሁ። ትግሉን ከፈትኩ፤ ዘጋሁ። እባብ የሚያሳድድ ነገር ከፈትኩ፤ ፈርቼ ቶሎ ዘጋሁ። ሁሉንም በሰረዝ። መብራቱን አጥፍቼዋለሁና ከሥሬ ቀለሙ ምን እየሆነ እንደሆነ በምን ልወቅ?

እንግዶቹ ሲመጡ ባጃጆቹ ከበሩ እስከ መስቀለኛው መንገድ ተደረደሩ። የጀውሃው አለቃ ጀማል የሚባል፣ ጥቁር መነጽር ያደረገ፣ ረዘም ያለ ሰው ነው። የኛው ቢኒያም ነው፤ አጭር ሆኖ አፉ ግን ረጅም። ጀማል እግሩን እንዳስገባ ቆመ።

«አሰላሙ አለይኩም። ጋሼ፣ ምነው ለቅሶ ቤት ነው እንዴ? መብራቱ የታለ?»

«በቀን መብራት ምን ያደርግልሃል፣ ልጄ?»

«ወላሂ እኛ የመጣነው ለመብራቱ ነው። ኳሱማ ጀውሃም አለ።»

«መነጽሩን ቢያወልቅ ይታየው ነበር» አለ ቢኒያም።

«አንተ ደግሞ ወንበር ላይ ካልቆምክ ስክሪኑ አይታይህም» አለው ጀማል።

ልጆቹ ሳቁ። እኔም ፀሐይዋን እስከ መጨረሻው ወደ ቀኝ ገፋኋት። ቤቱ በራ። «እሰይ!» አሉ። ኮራሁ። አዛዡ ላይ ኳሷን ፈልጌ፣ ጣቴን አንሥቼ፣ ሁለቴ ጠቅ!

ኳሷ አልመጣችም። ስክሪኑ ላይ አንዲት ክብ ነገር ትዞራለች። ኪቦርዱ አረንጓዴ ሆነ፤ ደስ ሊለኝ ስል ቀይ ሆነ፤ ከዚያ ብርቱካን፤ ከዚያ ሐምራዊ፤ ደግሞ ቀይ። ማውሱ በራሱ ቀለም፣ ጆይስቲኮቹ በራሳቸው ቀለም ብልጭ ድርግም ይላሉ። ከጠረጴዛው ሥር ያለው የኮምፒውተሩ ሣጥን ደግሞ የገበያ ቀን ወፍጮ ይመስል ማጓራት ያዘ። እኔም አልሰማኝ ይሆናል ብዬ ደጋግሜ ጠቅ፣ ጠቅ፣ ጠቅ። ጩኸቱ ባሰበት።

«ጋሼ፣ ይኼ ሰርግ ነው ወይስ ግጥሚያ?» አለ ጀማል።

«ትንሽ ታገሡ። እየሞቀ ነው።»

«እሱስ እውነት ነው፤ ሞቋል» አለ አንዱ ሣጥኑን በእጁ ነክቶ።

ሰላም ጋ ደወልኩ። ሚኒባሱ ሰው እስኪሞላ መናኸሪያ ቆሞ፣ ደብረ ሲና ደግሞ ምሳ ተብሎ፣ ገና የጣርማ በርን ዳገት እየወጡ ነው። «አባዬ፣ አይዞህ፣ ቀላል ነው» አለች። «አንተ ብቻ መጀመሪያ የ...» ጥው! ዋሻው ውስጥ ገቡ መሰለኝ። መልሼ ብደውል የሚያወራችኝ ያቺ «የደወሉላቸው ደንበኛ» የምትለዋ ሴትዮ ናት።

መጀመሪያ የምን? ቤቱ ውስጥ ሸንጎ ተቀመጥን።

«መጀመሪያ የሻይ ግዛላቸው ልትል ነው» አለ ጀማል።

«መጀመሪያ የመብራቱን ገመድ ንቀል» አለ ሌላው።

ቢኒያም ተጠግቶ «ጋሼ፣ በማርያም፣ እኔ ልሞክር?» አለኝ።

«ማንም እንዳይነካው ተብያለሁ» አልኩት። እውነት ነው፣ ተብያለሁ። ብባልም ባልባልም ግን ያንን ወንበር ለማንም አልለቅም ነበር።

እኔ በራሴ «መጀመሪያ የመብራቱን ቀለም አስተካክል» ነው ብዬ ፈረድኩ። አዛዡ ውስጥ ገባሁ። እንግሊዝኛውን ባላነብም ሥዕሉን አነባለሁ። አንዱ ላይ የውሃ ሞገድ ተሥሏል፤ አንዱ ላይ ኮከብ፤ አንዱ ላይ ነበልባል። ነበልባሉ ጠንከር ያለ መሰለኝ። ለጉልበት ይሆናል ብዬ እሱን ተጫንኩ።

ጉድ ፈላ። ከኪቦርዱ ሥር እውነተኛ እሳት የመሰለ ነገር መንቀልቀል ጀመረ። ቀይና ቢጫው እየተላሰ ይወጣል፤ ማውሱ ይነዳል፤ ጆይስቲኩ ጀማል እጅ ላይ ሲነድ ጀማል ወረወረው። ቀዩ ብርሃን በመጋረጃው ላይ ሲወጣና ሲወርድ፣ ከሣጥኑ የሚወጣው ጩኸት ሲጨመርበት፣ ከውጭ «ያ አላህ! እሳት! እሳት!» የሚል ድምፅ ተሰማ። በሩ ብርግድ አለ። አንዲት ሴት ከነባልዲዋ ገብታ ውሃውን ወረወረች።

እኔ ኮምፒውተሩን በደረቴ አቅፌ ደረስኩለት። ውሃው በሙሉ ጀርባዬ ላይ አለቀ። ማንጎ የታጠበበት ውሃ ነው፤ እስኪመሽ ጣፋጭ ጣፋጭ ስሸት ቆየሁ።

አሁን ይህችን ሴት ማስተዋወቅ አለብኝ። በእኛ ቀበሌ የመስኖው የውሃ አባት ሆኜ ብዙ ዘመን ሠርቻለሁ። የውሃ አባት ማለት ከወንዙ የተጠለፈውን ቦይ በየተራ ለገበሬው የሚያደርስ፣ የማን ማሳ መቼ ይጠጣ የሚለውን የሚወስን ሰው ነው። የሷ ማሳ ደግሞ ከሁሉም በታች፣ የቦዩ መጨረሻ ላይ ነው። ስለዚህ በኔ ዘመን ሙሉ ሥራዋ አንድ ነበር፤ አቤቱታ። «የላይኞቹ አልዘጉም፤ ውሃው እኔ ጋ አልደረሰም» ትላለች። እኔ «ተዘግቷል፣ በዓይኔ አይቻለሁ» እላለሁ። እሷ ቦዩን ተከትላ ሽቅብ ትወጣና በአፈር የተደፈነውን አፍ ሁሉ ጎንበስ ብላ ታያለች፤ ከሥሩ የሚያፈስ አታጣም። ከማሳዋ የለቀመችውን ማንጎ አሁን ከሰላም በር አጠገብ ትሸጣለች፤ እኔን ለማናደድ ይመስለኛል።

ውሃው ከጢሜ እየተንጠባጠበ ተያየን።

«ሱብሃነላህ! አንቱ ነዎት?» አለች። «የሚነደውስ የታል?»

«የሚነድ የለም። መብራት ነው» አልኳት።

«እንግዲያ ይቅር ይበሉኝ።» ባልዲዋን አየችው፤ ከዚያ እኔን አየች። «ስንት ዓመት ውሃ ከለከሉኝ፤ እኔ ግን ያለ ተራዎ አጠጣሁዎት።»

ቤቱ በሳቅ ፈነዳ። ቢኒያም መሬት ላይ ተቀመጠ። ጀማል ግን መነጽሩን አስተካክሎ ጓደኞቹን ጠቀሰ። «በሉ፣ ወደ ማዶ እንሻገር። እዚያ መብራት የለም፣ እሳትም የለም፣ ጎርፍም የለም።» ተነሡ። አንዱ ወጥቶ ባጃጁን አስነሣ። የሰላም ፊት መጣብኝ። የክርስትና ልጇን ታቅፋ «አባዬ፣ እንዴት ሆነ?» ስትለኝ የምመልሰው ታየኝ።

ሴትየዋ ግን ስክሪኑ ላይ ተተክላ ቀርታለች። ጎንበስ አለች፤ ያ አጎነባበስ ገና ሳየው አስፈራኝ።

«እነዚህ ከታች የተደረደሩት ትናንሽ ሥዕሎች ምንድን ናቸው?»

«ጨዋታዎች ናቸው። ዘግቻቸዋለሁ።»

«ዘግተዋል?»

«በዓይኔ አይቻለሁ።»

«ታዲያ ከተዘጉ» አለች በጣቷ እየጠቆመች፣ «ከያንዳንዳቸው ሥር ይቺ መስመር ለምን ትበራለች? ይኼኛው ሥር መስመር የለም፤ እነዚህ ሥር አለ። ከሥር ያፈሳሉ እኮ!»

ጎንበስ ብዬ አየሁ። እውነትም ከመኪናዋ ሥር፣ ከጦርነቱ ሥር፣ ከትግሉ ሥር፣ ከእባቡም ሥር ቀጭን ሰማያዊ መስመር አለች።

«አንቱ የውሃ አባት! ላይኞቹን ሁሉ ከፍተው ትተው ነው ለታችኛው ውሃ የሚጠብቁት? ሁሉም እየጠጡ ኳሷ በምን ትምጣ? መብራቱንስ ቢሆን ሁሉም ወደ የራሱ ቀለም ሲጎትተው በየት በኩል አረንጓዴ ይሁን?»

የገባኝን ነገር አሁን ብነግራችሁ ትስቁብኛላችሁ፤ ግን መስኖ ሆኖ ነው የገባኝ። ኮምፒውተሩ አንድ ቦይ ነው። እኔ ጠዋቱን ሙሉ የቦዩን አፍ እየከፈትኩ ቅጠል ጣል አድርጌበት አልፌያለሁ። ሰረዝ መዝጊያ አይደለችም፤ ቅጠል ናት። አፈሩ ኤክሷ ናት!

«ጀማል!» አልኩ፤ ድምፄ የስብሰባ ድምፅ ሆነ። «ባጃጁን አጥፉት። ተቀመጡ።»

በር ላይ የነበረው ሁሉ ዞረ። መኪናዋን ከሰመጠችበት አወጣኋት። የማውሱን ቀስት ኤክሷ ላይ ወሰድኩ። መምህሬ ከኋላዬ የቆመ መሰለኝ። ተጫንኩ። መኪናዋ ጠፋች፤ ከሥሯ ያለችው መስመርም ጠፋች። «አንድ አፍ ተደፈነ!» አለች ሴትየዋ። ጦርነቱን ተጫንኩ። ከሣጥኑ የሚወጣው ጩኸት ቀነስ አለ። ትግሉን ተጫንኩ፤ ሐምራዊው ቀለም ተነሥቶ ሄደ። በደብተሬ ላይ የሰፈረብኝን ኤክስ ሁሉ መለስኩ። እባቡ ላይ ስደርስ «እሱን ጠንከር አድርገው ይድፈኑት» አለችኝ። ደፈንኩት። ነበልባሉንም አነሣሁ።

ቤቱ ጸጥ አለ። ሣጥኑ እንደ ጠገበ በሬ ትንፋሹን ቀስ አድርጎ ያወጣል።

ኳሷን ሁለቴ ጠቅ።

መጀመሪያ ኪቦርዱ አረንጓዴ ሆነ። ከግራ ወደ ቀኝ፣ ልክ ውሃ ደረቅ መስመር ውስጥ ሲገባ እንደሚሄደው፣ ፊደል በፊደል እየሞላ ሄደ። ቀጥሎ ማውሱ። ቀጥሎ የእንግዳው ጆይስቲክ፣ ቀጥሎ የኛ። ከዚያ ስክሪኑ ተከፈተና ሜዳው ከነተመልካቹ ወለል አለ።

«ደረሰ! ውሃው ደረሰ!» ብላ ሴትየዋ እልል አለች። ጀማል መነጽሩን አወለቀ። ቢኒያም አቅፎ አነሣኝ፤ እሱም ረጠበ።

ግጥሚያውን ጀውሃዎች በመጨረሻዋ ደቂቃ ባገቧት ግብ አሸነፉ። ቢኒያም አንገቱን ደፍቶ ሳለ እኔ እጄን እያጨበጨብኩ እዘላለሁ፤ እኔ የማየው ኳሱን ሳይሆን አረንጓዴው አለመጥፋቱን ነው። «ጋሼ፣ የማን ደጋፊ ነህ?» ቢለኝ «የአረንጓዴው» አልኩት።

ጀማል ሲወጣ ጨበጠኝ። «ጋሼ፣ እኛ ከእንግዲህ እዚህ ነን። ማዶ እንዲህ ያለ ነገር አይታይም።»

«እንዴታ!» አለ ቢኒያም። «እዚህ ተሸንፌ መልሱን ሌላ ቤት አልጫወትም። በሚመጣው ሳምንት፣ እዚሁ፣ እዚችው ወንበር ላይ!»

ትንሽ ቆይቶ ስልኬ ጮኸ። ሰላም ደብረ ብርሃን ገብታለች። ቃሏ ይቸኩላል።

«አባዬ! መጀመሪያ የተከፈቱትን ዝጋ ልልህ ነበር እኮ! ሄዱ? ማዶ ሄዱ?»

«ተጫውተው፣ አሸንፈው፣ ለሚመጣው ሳምንት ቀጠሮ ይዘው ሄዱ። እዚሁ ነው ከእንግዲህ።»

የሳቅና የለቅሶ መሐል የሆነ ድምፅ ሰማሁ። አፍንጫዋን ጠርጋ «እንዴት አወቅከው? ማን ነገረህ?» አለችኝ።

እውነቱን ልንገራችሁ፣ «ራሴ ነኝ» የምትለዋ ቃል ምላሴ ጫፍ ደርሳ ነበር። ቀና ስል ሴትየዋ ወንበሬ ላይ ተቀምጣለች። ሄድፎኑን ከሻሿ በላይ አድርጋ፣ ቀዩ መብራት ፊቷ ላይ እየተጫወተ፣ የውድድር መኪናዋን ይዛ አጥር ከአጥር ታላትማለች። መኪናዋን ከመክፈቷ በፊት ኳሱን በኤክስ ዘግታዋለች፤ አይቻታለሁ።

«ያቺ ከቦዩ መጨረሻ ያለችው ባለማሳ ናት» አልኳት ለልጄ። «እትዬ ዘይነብ።»